እትዬ የምትለኝ ልጄ

ጥቅምት 12፣ ማክሰኞ። ምሽት 1 ሰዓት

ዚፕ ስቀይር ዋልኩ። የተማሪ ሱሪ ዚፕ ዕድሜው ከመስከረም እስከ ጥቅምት ነው። እንጀራዬ ነውና አልረግመውም። መብራት ሁለቴ ሄደ፣ ሁለቴ መጣ። ማኅደር ራቷን በልታ የጨርቅ ቁርጥራጭ ላይ ተጋድማለች። እትዬ ተረት ንገሪኝ ትላለች። ተረቴ አልቋል አልኳት። አኩርፋ ተኛች።

አዎ አንቺዬ፣ ደብተሬ፣ እትዬ ነው የምትለኝ። ላንቺ እንኳ ጽፌው አላውቅም። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ ሆኖ ስንት ገጽ ሞላን! ማኅደር ልጄ ናት። ስድስት ዓመቷ ነው። ስወልዳት አባትየው ክዶ ወልድያ ገብቶ ነበር። ክርስትናዋ ዕለት ሰዉ የማን ናት እያለ ሲንሾካሾክ፣ አባባ፣ የኔው አባት ይመር፣ ብድግ አለና የኔ ናት አለ። የይመር ልጅ። ቀበሌም ሄዶ እንደዚያው አስመዘገበ፤ አባት እሱ፣ እናት የኔ እናት። እማዬ ከሃምሳ ዓመቷ በኋላ ወለደች ተብሎ ተጻፈ እኮ! አገሩ ሁሉ እውነቱን ያውቃል። አገሩ ሁሉ ዝም ይላል። የማታውቀው ማኅደር ብቻ ናት። እሷ ዘንድ አባባ አባቷ ነው፣ እኔ እህቷ ነኝ፣ እናቷ ደግሞ የዛሬ ሁለት ዓመት ሞታለች።

ይህን ሁሉ የምለፈልፈው የቅዳሜውን ለመጻፍ ነው። ሦስት ቀን ሸሸሁት።

ቅዳሜ ደሴ ክርና ገበር ልገዛ ይዣት ወረድኩ። ስንመለስ ሚኒባሱ ሞልቷል። ረዳቱ እሷን ጋቢና ሹፌሩ ጎን አስቀመጣት፣ እኔን ከኋላ ወተፈኝ። ከተማውን ስንወጣ ሹፌሩ ዞር አለ። ጌታሁን፣ አባትየው። እሱ ነው። ጌ. ይበቃዋል፣ ሙሉ ስሙን መጻፍ ቀለም ማባከን ነው። በደሴና በሐይቅ መሀል መሥራት መጀመሩን ሰምቼ ነበር፤ መስማትና ማየት ግን ለየቅል ነው። ማኅደር ወሬኛ ናት፣ ትለፈልፋለች። የማን ልጅ ነሽ አላት። የይመር ልጅ ነኝ፣ ያቺ ከኋላ ያለችው እህቴ ናት አለችው። በስፖኪዮው አየኝ። ወዲያው ዘፈኑን ከፍ አደረገው።

ሐይቅ ስንወርድ የሕፃን ሒሳብ አልቀበልም ብሎ ሙዝ ሰጣት። አፍንጫቸው አንድ ነው፣ ወላሂ አንድ ነው። ረዳቱ እንኳ ሁለቱን እያየ ፈገግ አለ። ጥሩ ሰውዬ ነው እትዬ፣ አለችኝ እየላጠች። ጣይው ልላት ፈለግሁ። ምን ብዬ?


ጥቅምት 14፣ ሐሙስ። ከቀኑ 9 ሰዓት

የኔ ሱቅ በር የደሴ ወልድያ መንገድ ላይ ነው። ቀን በቀን በበሬ ያልፋል ማለት ነው። ጥሩንባ በጮኸ ቁጥር መርፌው ጣቴን ይወጋኛል። አሁን ደግሞ የሁሉም ሚኒባስ ጥሩንባ የሱ መሰለኝ።

ተናድጄ ነው የዋልኩት። ስድስት ዓመት ሙሉ አንድ ሙዝ! እኔ ጫማዋን፣ ሐኪሟን፣ ትኩሳቷን፣ ጥያቄዋን። አባባ እህሏን። እሱ ሙዝ። ጥሩ ሰውዬም ተባለበት።

ምሳ ሰዓት ሱቁን ዘግቼ ወረዳ ሄድኩ። የሴቶች ጉዳይ የምትሠራዋ ወ/ሮ ሐዋ ደህና ሴት ናት። አስቀመጠችኝ፣ ሰማችኝ። ካልተጋባን ምንም አይለኝም ብዬ ነበር የማስበው። የለም አለች። ባል መሆን ሌላ፣ አባት መሆን ሌላ። ሳይጋባ የወለደም እኩል ቀለብ ይቆርጣል፣ ቢክድ የደም ምርመራ አለ አለችኝ። ደስ አለኝ። ስድስት ዓመት ሙሉ ይህን የነገረኝ ሰው ጠፋ? ወይስ ጠይቄ አላውቅም?

ከዚያ የልደት ምስክር ወረቀቷን አምጪ አለች። ይዤው ነበር፣ ሰጠኋት። አየችው። አየችኝ። ምኗ ነሽ ለልጅቱ?

እናቷ ነኝ አልኩ። እዚህ ላይ እኮ እህቷ ነሽ አለች። ልጅቱ አባት አላት፣ እናትም ነበራት። እህት ተነስታ ሌላ ሰው አባቷ ነው ብላ ልትከስ አትችልም። መጀመሪያ ምዝገባው በፍ/ቤት ይታረም። አባትሽ ይቅረቡና ልጄ አይደለችም ይበሉ። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አደረገች፤ ሐሰት ማስመዝገብም ሊያስጠይቃቸው ይችላል አለች። ልታስፈራራኝ አይደለም፣ ሳላውቅ እንዳልገባበት ብላ ነው።

እናት እውነት፣ አባት እምነት ይባል የለ? የኔ ልጅ ዘንድ እውነቱም ተፍቋል። አባትየውን ልጠይቅ ሄጄ፣ እናት አለመሆኔን ተነግሮኝ ተመለስኩ።


ጥቅምት 17፣ እሑድ። ምሽት 12 ሰዓት ተኩል

አባባ ዘንድ ወጣን፣ አርዲቦ። ባጃጁ እስከ አቀበቱ፣ ከዚያ በእግር። ማሽላው ደርሷል። አባባ ማማው ላይ ቆሞ ወፍ ያባርራል። ማኅደርን ሲያይ ወንጭፉን ጥሎ ወረደ። ጉልበቴን ያመኛል የሚል ሰውዬ፣ ለሷ ሲሆን ፍየል ነው!

ልነግረው ነበር የሄድኩት። በመንገዱ ሁሉ ቃሉን ስደረድር ነበር። አባባ፣ ስምህን ከልጅቱ ላይ አንሳልኝ። ይኸው ነው፣ አጭር ነው። እሸት ጠብሶ እያሸ በእፍኙ ሲሰጣት ግን አየሁት። እፍ ይላል፣ ገለባውን ያበራል፣ ፍሬውን ብቻ። ለኔም እንደዚያ ያደርግልኝ ነበር። ሳልነግረው ቀረሁ።

ፊትሽ ምን ሆኗል አለኝ። ጉንፋን ነው አልኩ። ዳማከሴ ቆርጦ በላስቲክ ቋጥሮ ሰጠኝ። ቁልቁለቱን ስንወርድ ማኅደር በየታጠፍንበት እየዞረች አባባዬ ቻው ትላለች። እሱም እስክንሰወር እጁን አላወረደም።

አንቺዬ፣ ከማን ጋር ነው እንዲህ ያለውን የሚያወሩት? እማዬ ብትኖር ተቆጥታም ቢሆን ታወራኝ ነበር። እህት የለኝም። ማለቴ፣ አለችኝ፤ ስድስት ዓመቷ ነው።


ጥቅምት 19፣ ማክሰኞ። ከቀኑ 8 ሰዓት

ጋሽ ሰይድ መጣ፣ የኮቱ ኪስ ተቀዷል። የአባባ የልጅነት ጓደኛ ነው፣ እህል ነጋዴ። ሰው ሲጣላ አስታራቂም እሱ ነው፤ ክርስቲያን ይሁን እስላም የሚጠራው እሱን ነው። ኪሱን እየሰፋሁ ሳላስበው ዘረገፍኩለት። ሁሉንም። ሚኒባሱን፣ ሙዙን፣ ወ/ሮ ሐዋን።

አላቋረጠኝም። መጨረሻ ላይ ያ አላህ አለና ተነፈሰ። ይመርን እኔ አናግረዋለሁ፣ ካንቺ አፍ ቢሰማው ይከፋዋል አለ። ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ፣ ተይው ለኔ።

ቀለል አለኝ። ቀጥሎም ፈራሁ። አሁን ነገሩ ከእጄ ወጥቷል።


ጥቅምት 24፣ እሑድ። ጠዋት 4 ሰዓት

ትናንት አባባ ለገበያ አልወረደም። ሁሌ ይወርድ ነበር፤ እህሉን ሸጦ እኔ ዘንድ ምሳ በልቶ፣ ማኅደርን ከረሜላ አብልቶ ነው የሚመለስ። ትናንት በጎረቤት ልጅ እጅ ዱባ ላከ። ዱባ ብቻ። ሰላም በሏቸው እንኳ አላለም። ምሳውን ሠርቼ ጠብቄው ነበር። ለሁለት ሰው የበዛ ወጥ።

ጋሽ ሰይድ ነግሮታል። ምን አለ ስለው ሊሸፋፍንልኝ ሞከረ፣ ኋላ አወጣው። አባባ አንድ ነገር ብቻ ነው የተናገረው፤ ስሜ ምን አጎደለባት? ከዚያ ማጭዱን ይዞ ሄደ።

ምንም አላጎደለባት አባባ። ምንም። ይህን ሄጄ ልነግረው እችል ነበር፣ አንድ አቀበት ነው። አልሄድኩም። ካፈርኩ አይመልሰኝ ሆነብኝ፤ ጭቅጭቁን ሳይሆን ፊቱን ነው የፈራሁት።

ማኅደር አባባ ለምን ቀረ ትላለች። ሥራ በዝቶበት። አሞታል? አላመመውም። ተጣልታችሁ ነው? ሂጂ ተጫወቺ አልኳት፣ ጮህኩባት። በሩ ላይ ተቀምጣ በጣቷ አቧራ ትጭራለች አሁን።


ጥቅምት 26፣ ማክሰኞ። ምሽት 1 ሰዓት

መጣ። ጌ.።

ሚኒባሱን ማዶ አቁሞ፣ የተቀደደ የወንበር ልብስ በብብቱ ይዞ። ሰው እንዳይጠረጥር ለሥራ መጣሁ ማለቱ ነው። ለሰባት ዓመት ያላነጋገርኩትን ሰው ቆሜ የወንበር ልብስ ተቀበልኩት! ወፍሯል። ሽቶ ተቀብቷል። ድሮ ረዳት ሳለ ናፍጣ ናፍጣ ነበር የሚለው፣ ያን ጊዜ ነው የወደድኩት፣ ምን ይደረግ።

ወሬው ደርሶታል። አልካደም። ይቅርታም አላለም። እየዞረ ሱቁን ያያል፣ በሩን ያያል። በየወሩ በእጅሽ እሰጥሻለሁ አለ። የፈለግሽውን ያህል፣ በደንብ አድርጌ። ግን ፍ/ቤት የለም፣ ስሜም አይነሳም። ሚስቱ ነፍሰ ጡር ናት፣ ሚኒባሱ የወንድሞቿም ነው፣ ከሰሙ መሪውን ይነጥቁኛል አለ። ደግሞም ሰው ጠይቄያለሁ አለኝ፤ ፍ/ቤት ከሄድሽ መጀመሪያ የሚታሰረው አባትሽ ነው፣ ሐሰት ያስመዘገበው እሱ ነዋ። እኔ ለሱ አዝኜ ነው አለ። አዛኝ ቅቤ አንጓች!

መልስ ሳልሰጥ ማኅደር ከት/ቤት ገባች። የሙዙ ሰውዬ! አለች፣ እጇን ዘረጋች። ጨበጣት። እጇን ቶሎ መልቀቅም፣ ይዞ መቆየትም አቃተው። አይኑ ጫማዋ ላይ ነበር። ከዚያ ወጣ።

የወንበር ልብሱን ጥሎት ሄዷል። አሁን ቀና ስል ምን አየሁ መሰለሽ? ሰፍቼው ጨርሻለሁ። እጄ ሥራ ሲያይ አያስችለውም። ደደብ እጅ።


ጥቅምት 27፣ ረቡዕ። ንጋት 12 ሰዓት

እያሰብኩ ነው። እሺ ብለውስ?

አባባ ስሙን አያጣም፣ ገበያ ቀን ተመልሶ ይመጣል። ጌ. ትዳሩን አያጣም። ማኅደር ጫማ ታገኛለች። ማንም አይታሰርም። ማንም አያለቅስም። ሁሉም ይመቸዋል። ለዚህ ነው የሚከብደኝ፤ የማይመቸው አንድ ሰው ብቻ ነው፣ እሷንም ሁሉም ለምደዋታል።

ባለፈው ወር ት/ቤት ወላጅ ይምጣ ተባለ። ሄድኩ። መምህሯ ወላጅ የላትም? አለችኝ። እህቷ ነኝ አልኩ፣ እንደ ወትሮው። አይ ምስኪን አለች፣ ጸጉሯን ዳሰሰችላት። እናት ለሌላት ልጅ የሚደረገውን አደረገችላት። እኔ አጠገቧ ቆሜ! ያንን ቀን አልጻፍኩልሽም። ምናምን ሰፋሁ፣ መብራት ጠፋ፣ ብዬ አለፍኩት።

ነግቷል። ትነሳና እትዬ ቁርስ ትለኛለች።


ኅዳር 3፣ ማክሰኞ። ከቀኑ 10 ሰዓት

ጋሽ ሰይድ ቀን ቆርጧል፣ እሑድ እሱ ቤት። ጌ. ከአጎቱ ጋር ይመጣል። አባባም እመጣለሁ ብሏል። ለኔ ግን አሁንም ቃል አልላከልኝም።

ደንበኞቼ ሰምተዋል። እንዴት እንደሚሰማ አይገባኝም፣ ይሰማል። አንዷ ለሠርግ ልሰፋላት የተቀበልኩትን ጨርቅ ሐሳቤን ቀየርኩ ብላ ወሰደችው። ሌላዋ ዝም ብላ መጥታ ተቀመጠች፣ ምንም ሳታሰፋ። አይን አይኔን ታየኛለች። ምን ላምጣልሽ ልላት ትንሽ ቀረኝ።

የምፈራውን ልንገርሽ? አባባ እሑድ፣ ብሩን ተቀበይና ዝም በይ ይላል። እሱ ካለ አበቃ። በሱ ላይ አልሄድም። ስሙን ሰጥቶ ያቆመኝ ሰው ነው፣ በሱ ላይ ምን አፍ አለኝ?


ኅዳር 8፣ እሑድ። ምሽት 12 ሰዓት

ቶሎ ቶሎ ልጻፈው።

ጋሽ ሰይድ ቤት። ማኅደርን ጎረቤት ትቻታለሁ። አባባ ቀድሞኝ ደርሷል፣ ነጭ ጋቢውን ለብሷል። ጉልበቱን ሳምኩ፣ ግንባሬን ሳመኝ። ጌ. ከአጎቱ ጋር ገባ። ጋሽ ሰይድ ዱአ አደረገ። ሁላችንም አሚን አልን። ጌ. ሳይቀር።

አጎቱ አፈ ጮሌ ነው። ያለፈ አልፏል፣ የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም አለ። ልጁ ቀለብ ይሰጣል፣ በናንተ ፊት ይምላል። ልጅቱ የተከበረ ስም ላይ ናት፣ ይመርን የመሰለ ስም ከየት ይመጣል? ለምን ይነቀላል? ፍ/ቤት ምን ይሠራል፣ ሽማግሌ ማሳሰር ካልሆነ? ሁሉም ራሱን ነቀነቀ። ጋሽ ሰይድም ነቀነቀ። እውነቱን ልንገርሽ፣ እኔም ነቀነቅሁ። ጥሩ ሲናገር ምን ታደርጊዋለሽ።

አንቺስ ምን ትያለሽ ስንዱ፣ አሉኝ። አባባ የሚለውን አልኩ። ፈሪ ነኝ።

አባባ ጋቢውን አስተካከለ። የተናገረው ይህን ነው፣ ቃል በቃል እጽፈዋለሁ። «ስሜን ያዋስኩት ልጅቱ እንዳይበርዳት ነው፤ አንተ እንድትደበቅበት አይደለም።» ጌ.ን እያየ። «መታሰሩ ከሆነ ማሽላው ታጭዷል፤ ጊዜ አለኝ።»

ማንም አልሳቀም። አጎትየው ምን ማለት ነው ምን ማለት ነው ይላል። ጋሽ ሰይድ አይኑን በኩታው ጠረገ። ጌ. ተነሳ። ካዳት? አልካዳትም። አመናት? አላመናትም። ፍ/ቤት እንገናኝ ብሎ ወጣ። የቀረበለትን ሻይ አልነካውም።

ከዚያ አባባ ወደኔ ዞረ። ሦስት ሳምንት ያላናገረኝ አፍ። ስሙን ማጣቱ አይደለም ያሳመመው አለ፤ ልጅቱ ነገ ከነገ ወዲያ የኔ አይደለህም ብትለው ምን ይመልሳል? ያንን እያሰበ ነው ከኔ የሸሸው። አጨዳ ላይ ሆኖ፣ ማሽላ እየቆረጠ፣ ብቻውን። እኔ ደግሞ እዚህ ብቻዬን። አንድ አቀበት መሀላችን።

አንድ ነገር ለመነኝ። ዳኛ ፊት አትስማው፣ ካንቺ ትስማው አለ። እሱ ሊነግራት አይችልም። ሞክሬ ነበር፣ አንደበቴ አልታዘዝ አለኝ አለ።




ኅዳር 12፣ ሐሙስ። ከቀኑ 11 ሰዓት

ኅዳር ሲታጠን ነው፣ ከተማው ጭስ በጭስ ሆኗል። ሁሉም በየበሩ ቆሻሻውን ያነዳል። እኔም የአንድ ዓመት ቁርጥራጭ አነደድኩ፣ ማኅደር በደስታ ትዘላለች። ጌ. በጭሱ መሀል ጥሩንባ እየነፋ አለፈ። ቀና አላልኩም።

ማመልከቻው ገብቷል። ወ/ሮ ሐዋ ራሷ ይዛኝ ሄደች። ቀጠሮ ማክሰኞ። አባባ ይቀርባል፤ በልጅ ልጁ ላይ ያደረገው ለክፋት እንዳልሆነ ዳኛው ይረዳዋል ትላለች፣ ግን ማረጋገጫ አልሰጥዎትም አለችው። አባባ ግድ የለም አላት።

አልነገርኳትም። ሰኞ ልነግራት ነበር፣ አመማት። ማክሰኞ ደስ ብሏት ነበር፣ ደስታዋን ላለማበላሸት። ትናንት ፊደል ስታጠና። ዛሬ ጭስ። ምክንያት አላጣም መቼም። ልክ እንደሱ! እሱም ስድስት ዓመት ሙሉ ምክንያት አላጣም።

ይህን ጽፌ አነበብኩት። ደነገጥኩ። እሑድ። እሑድ እነግራታለሁ።


ኅዳር 15፣ እሑድ። ከቀኑ 10 ሰዓት

ሐይቁ ዳር ወሰድኳት። ከቅዳሴ የሚመለሱ ሰዎች አልፈው ሲያልቁ ድንጋይ ላይ ተቀመጥን። አሳ ገዛሁላት፣ ጥብስ፤ እሾሁን እየለቀምኩ አጎረስኳት። እያጎረስኩ ነገርኳት። ሌላ መንገድ አላወቅሁም።

እኔ ነኝ የወለድኩሽ አልኳት። እህትሽ አይደለሁም፣ እናትሽ ነኝ። ማኘኳን አላቆመችም። አባባስ? አባባ አያትሽ ነው፣ የኔ አባት። ስለወደደሽ ልጄ ናት አለ። እና አሁን አይወደኝም? ይወድሻል፣ ድሮ እንደሚወድሽ። አባቴስ ማነው? ሌላ ሰው ነው አልኳት። ማክሰኞ ዳኛ ዘንድ እንጠይቀዋለን፤ የሚገባሽን እንዲያደርግ። ማን እንደሆነ አሁኑኑ ልንገርሽ? እንቢ አለች። ሌላ ቀን አለች። እሺ አልኩ።

ጠጠር ወረወረች፣ ደገመች። ታለቅሳለች ብዬ ጠበቅሁ። ልትቆጣ ትችላለች፣ ወ/ሮ ሐዋ አስጠንቅቃኛለች።

እማዬስ፣ አለች። እማዬ የማን እናት ነበረች?

የኔ፣ አልኩ።

ቅንድቧን ሰብስባ አየችኝ። አስባ አስባ፣ «ታዲያ እናትሽ ስትሞት ለምን አላለቀስሽም? እኔን ብቻ እኮ ነው ስታባብይ የነበርሽው» አለችኝ።

አንቺዬ፣ ምን ብዬ ልጻፍልሽ? እዚያው ድንጋይ ላይ፣ ሰው በሚያልፍበት፣ ነጠላዬን አፌ ውስጥ ወትፌ አለቀስኩ። የሁለት ዓመቱን። እማዬ የሞተች ዕለት ሰው ሁሉ ማኅደርን አቅፎ እናቷ ሞተችባት ሲል፣ እኔ ከጓዳ ውሃ ሳቀብል ነበር። እናቴን ለሷ ሰጥቻት፣ ለኔ የሚለቀስላት አልቀረችም ነበር።

በቀሚሷ ጠርዝ ፊቴን ጠረገችኝ። አሳ አሳ ይሸታል ጠርዙ። አይዞሽ እትዬ አለችኝ። አይዞሽ፣ በቃ፣ አለቀ። እኔ እሷን የማባብልበትን ቃል ሁሉ አንድ ሳታስቀር መለሰችልኝ።

ቤት ስንገባም እትዬ ነው ያለችኝ። ይሁን። ስድስት ዓመት የለመደ አፍ በአንድ ቀን አይዞርም።


ኅዳር 17፣ ማክሰኞ። ጠዋት 1 ሰዓት

ሱቁ ተዘግቷል። ቀሚሴን ተኩሻለሁ። ማኅደር ጸጉሯን ተሠርታ በሩ ላይ አባባን ትጠብቃለች፣ መንገዱን እያየች።

ትናንት ጌ. በረዳቱ ላከብኝ። የመጨረሻ ነው፣ ሐሳብሽን ቀይሪ፣ እጨምራለሁ። የተሰፋውን የወንበር ልብስ አጥፌ በረዳቱ እጅ መለስኩለት። የሠራሁበትን አልጠየቅሁም። ሌላ መልስ የለም አልኩት።

ይክዳል? ሊክድ ይችላል። አባባን ይጠይቁታል? ሊጠይቁት ይችላሉ። ቀለቡ ሊዘገይ ይችላል፣ ወ/ሮ ሐዋ ነግራኛለች፣ ነገሩ ረጅም ነው። ሁሉንም አስቤዋለሁ። አልመለስም። ጌ. አባትነቱን ይጠየቅ፣ ጊዜ ይውሰድበት፣ ይሟገት። እኔ ግን የራሴን ከዛሬ አላሳድርም። ዳኛው ለልጅቱ ምኗ ነሽ ይለኛል። ከንጋት ጀምሮ መስታወት ፊት ቆሜ አፌን ሳሟሽ ነበር፣ ደጋግሜ። እናቷ። እናቷ ነኝ። ጌታዬ፣ እናቷ እኔ ነኝ፣ ስሜ ስን

አባባ መጣ